ነቅቼ ያለፍኩበት ቀዶ ሕክምና፦ በድሬዳዋ የአንድ የግል ሆስፒታል ነርሶች አሠራር

በቀኝ ብሽሽቴ በኩል የነበረብኝን ቡአ ቀዶ ሕክምና ያደረግሁት በድሬዳዋ በሚገኝ አንድ የግል ሆስፒታል ነው። ማደንዘዣው በጀርባ የሚሰጠው ዓይነት ስለነበር ከወገቤ በታች ብደነዝዝም እስከ መጨረሻው ነቅቼ ነበር፤ ስለ ነርሶቹ የምጽፈውም ጠረጴዛው ላይ ተኝቼ በጆሮዬ የሰማሁትን ነው።

ማደንዘዣውን ከመወጋቴ በፊት አንዲት ሲስተር ሙሉ ስሜን፣ ሕክምናው በየትኛው ጎን እንደሆነና የማይስማማኝ መድኃኒት እንዳለ ጠየቀችኝ፤ መልሴን ከካርዴ ጋር አመሳክራም ብሽሽቴ ላይ የተደረገውን ምልክት አየች። በተኛሁበት ክፍልም ይህንኑ ተጠይቄ ስለነበር ለጊዜው ሰልችቶኝ ነበር፤ ነገር ግን ግራና ቀኝ ሊያሳስት በሚችል ሕክምና ደጋግሞ መጠየቅ አይበዛም። ቆዳዬ ከመቀደዱ በፊት ደግሞ ሁሉም ሥራቸውን ገታ አድርገው ስሜን፣ ጎኑንና የፀረ ባክቴሪያ መድኃኒቱ ባለፈው አንድ ሰዓት ውስጥ መሰጠቱን ድምፅ አውጥተው አረጋገጡ። ይህ የዓለም ጤና ድርጅት በ2008 እ.ኤ.አ. ያወጣው፣ 19 ነጥቦች ያሉት የቀዶ ሕክምና ደኅንነት ማረጋገጫ ቅጽ አሠራር ነው፤ በ8 ከተሞች ሆስፒታሎች ሲሞከር የሞት መጠኑ ከ1.5 በመቶ ወደ 0.8 በመቶ ወርዷል። ቅጹ ባለሙያዎቹ ስማቸውንና የሥራ ድርሻቸውን እንዲናገሩም ያዝዛል፤ እኔ በነበርኩበት ክፍል ግን ይህ ታልፏል።

ከሁሉ ያከበርኩት ቆጠራውን ነው። ለሐኪሙ መሣሪያ የምታቀብለው ነርስና ከጠረጴዛው ውጭ የምትረዳት ባልደረባዋ ጎዙን (ደም መምጠጫውን ጨርቅ)፣ መርፌውንና መሣሪያውን፣ በሰውነቴ ውስጥ የሚቀር እንዳይኖር፣ ሥራው ሳይጀመር አብረው ቆጥረው ሰሌዳ ላይ ጽፈውት ነበር። ቁስሉ ሊዘጋ ሲል እንደገና ቢቆጥሩ አንድ ጎዝ ጎደለ። መሣሪያ አቀባይዋ «ዶክተር፣ ቆጠራው አልሞላም፤ ይጠብቁን» ስትል ሐኪሙ ያለ አንዳች ቃል እጁን ሰበሰበ። ጎዙ ከባልዲው ጠርዝ ሥር ተጣብቆ ከተገኘ በኋላም ሁሉንም ከአንድ ጀምረው ቆጠሩ። ነርስ ሐኪምን ያለ ፍርሃት ማስቆም የምትችልበት ክፍል ውስጥ በመተኛቴ ዛሬም አመሰግናለሁ።

የውጭው ሙቀት የድሬ ሙቀት ቢሆንም ክፍሉ ይቀዘቅዝ ስለነበር መንቀጥቀጥ ስጀምር ሳልጠይቅ ብርድ ልብስ ደረቡልኝ። በማገገሚያው ክፍል ከጎኔ የነበሩትን እናት አንዲት ሲስተር በሶማሊኛ ስታጽናናቸው ሰምቻለሁ።

ሆስፒታሉ ሊያርመው የሚገባው ከባድ ጉድለት ጾሙ ነው። ከሌሊቱ 6 ሰዓት ጀምሮ ውሃም ምግብም እንዳልቀምስ ታዝዤ የገባሁት ከቀኑ 8 ሰዓት በመሆኑ በዚያ ሙቀት 14 ሰዓት ተጠምቻለሁ። ለአብዛኛው አዋቂ ሕሙም ከማደንዘዣ በፊት ከምግብ 6 ሰዓት፣ ከንጹሕ ውሃ ደግሞ 2 ሰዓት መከልከል ይበቃል፤ ስለዚህ ትእዛዙ ለሁሉም በጅምላ ከሚሰጥ ይልቅ እንደ ተራው ሰዓት ቢለይ ኖሮ ይህ ሁሉ ጥም ባልደረሰብኝ ነበር። ይህንኑ ለነርሶቹ ኃላፊ ስነግራቸው በትዕግሥት አዳምጠው ጻፉት።

ታናሽ ወንድሜ ለተመሳሳይ ሕክምና እዚያው ወረፋ ይዟል። ውሃ እስከ ስንት ሰዓት መጠጣት እንደሚችል አስቀድሞ እንዲጠይቃቸው ነግሬዋለሁ።