የእናቴን ትከሻ ላላቀቀልን የፊዚዮቴራፒ ባለሙያ

እናቴ ባለፈው እሑድ ቤተ ክርስቲያን ልትሄድ ስትነሳ ሻሿን ራሷ አሰረች። ለሌላ ሰው ይህ ምንም ላይመስል ይችላል። እኛ ቤት ግን ዓመት ሊሞላው ምንም ያህል እስካልቀረው ድረስ ፀጉሯን የምታበጥርላትም ሻሿን የምታስርላትም ታናሽ እኅቴ ነበረች። ይህን የምጽፈው ደብረ ማርቆስ ከተማ ውስጥ የሚሠራ አንድ የፊዚዮቴራፒ ባለሙያን በአደባባይ ለማመስገን ነው። ትከሻ የያዘው ዘመድ ያላችሁም ወደ እሱ እንድትሄዱ ልጠቁማችሁ።

እናቴ የሉማሜ ሰው ናት፤ ዕድሜዋ 56 ነው። ሕመሙ የጀመራት ባለፈው ጥቅምት ነው። መጀመሪያ በግራ ጎኗ መተኛት ከለከላት። ቀጥሎ ፈትል አስተዋት፤ ባዘቶውን ይዞ ወደ ላይ የሚወጣው እጇ ከደረቷ በላይ አልሄድ አለ። ጎረቤቱ ሁሉ «ብርድ ነው»፣ «ቁርጥማት ነው» አለ። አንድ ወጌሻ ጎትቶ አሻትና ሦስት ሌሊት ስታለቅስ አደረች። አንድ ክሊኒክ ደግሞ ምንም ሳይመረምራት በየወሩ የሕመም ማስታገሻ ይሰጣት ነበር። እኔም ጥፋት አለብኝ። «እጅሽን አሳርፊው» ብዬ በነጠላ አንገቷ ላይ ያንጠለጠልኩላት እኔ ነኝ።

መጋቢት ላይ ወደዚህ ባለሙያ ወሰድናት። ክርኗን ከጎኗ ጋር አስጠግቶ ክንዷን ቀስ ብሎ ወደ ውጭ ሊያዞረው ሞከረ፤ አልዞር አለ። «እማማ፣ ጅማት ተበጥሶ ቢሆን ኖሮ እርስዎ ማንሳት ቢያቅትዎትም እኔ ሳነሳው ብዙ ጊዜ ይነሳል። ይህ ግን ለሁለታችንም እምቢ አለ» አላት። ራጅ አስነሳት። የመገጣጠሚያው ልም አጥንት ቢበላ ኖሮ በአጥንቶቹ መካከል ያለው ክፍተት ጠቦ ይታይ ነበር፤ የእሷ ደህና ነበር። ችግሩ መገጣጠሚያውን ዙሪያውን የሚያቅፈው ሽፋን ተቆጥቶ፣ ወፍሮና ተኮማትሮ መያዙ ነው። «ስልቻ ሳይታሽ ሲቀመጥ ደርቆ አይኮማተርም? እንደዚያ ነው» ሲላት ወዲያው ገባት። እኔንም ዘወር ብሎ አየኝና ነጠላውን ከአንገቷ ፈታው።

ከዚያ ያልጠበቅነውን ጠየቃት፤ ውኃ ይጠማዎታል? ሌሊት ለሽንት ስንት ጊዜ ይነሳሉ? ይህ የትከሻ መተሳሰር ከ40 እስከ 60 ዓመት ባሉ ሰዎች፣ በተለይም በሴቶችና በስኳር ታማሚዎች ላይ እንደሚበዛ፣ የእንቅርት ዕጢ መዛባትም እንደሚያመጣው ነገረን። በባዶ ሆዷ ደሟ ሲመረመር ስኳሯ 210 ሆኖ ተገኘ። ትከሻዋን ብለን ሄደን ማንም ያላወቀው ስኳር ተገኘልን። አሁን በሐኪም ክትትል ላይ ናት። ለዚህ አንድ ጥያቄ ብቻ እንኳ ምስጋናዬ አያልቅም።

ሕክምናው ያስተማራት እንቅስቃሴ ነው። አጎንብሳ በቀኝ እጇ ወንበር ትይዛለች፤ የታመመውን እጇን ዝም ብላ ትለቀውና እንደ ተንጠለጠለ እንዝርት በትንሹ እንዲወዛወዝ ታደርጋለች። ጣቶቿን ግድግዳ ላይ ወደ ላይ ታስኬዳለች። ነጠላዋን ከጀርባዋ በሁለት እጇ ይዛ በደህናው እጅ የታመመውን ወደ ላይ ትስባለች። ሁሉም ትከሻዋ በሞቀ ጨርቅ ከተሞቀ በኋላ፣ እስኪወጥራት እንጂ እስኪያስጮኻት አይደለም። እኅቴ እናታችን ጣቶቿን ያደረሰችበትን በየሳምንቱ ግድግዳው ላይ በከሰል ታሰምርበታለች። የመጀመሪያው መስመር ከአገጯ በታች ነው፤ የመጨረሻው ደግሞ እኔም ለመድረስ እጄን የምዘረጋበት ቦታ ላይ ነው።

መገጣጠሚያው ውስጥ የሚወጋ የስቴሮይድ መርፌ በመጀመሪያዎቹ ወራት ሕመሙን እንደሚያበርድ ነግሮናል። ነገር ግን ለጥቂት ቀናት ስኳርን ከፍ ስለሚያደርግ ከሐኪሟ ጋር ሳይመከር አይሆንም ብሎ እንቅስቃሴውን አስቀደመ። ቀዶ ሕክምና ብዙዎቹን አያስፈልጋቸውም። ማስታገሻውንም በዘፈቀደ ለወራት መዋጥ ጨጓራንና ኩላሊትን እንደሚጎዳ አስጠንቅቆናል። ጠበሏን ግን ተይ አላላትም።

ሐቀኝነቱን ሳልናገር ባልፍ ደስ አይለኝም። በየቀኑ ነይ ብሎ ሊያስከፍላት ይችል ነበር፤ መንገዱ ሩቅ መሆኑን ሲያውቅ በ15 ቀን አንዴ አደረገው። «በአንድ ወር እድናለሁ ብለው አያስቡ፤ ከዓመት እስከ ሦስት ዓመት ሊፈጅ ይችላል» ያላትም ገና በመጀመሪያው ቀን ነው። እውነትም ዛሬም እጇ ወደ ጀርባዋ ሙሉ በሙሉ አይሄድላትም። ሌሊቱን ግን ተኝታ ታድራለች፤ እንዝርቷንም አንስታለች።

የእናንተ ሕመም ሌላ ሊሆን ይችላል። ጠዋት ከአንድ ሰዓት በላይ የሚቆይ የጣቶችና የእጅ አንጓ መተሳሰር፣ በሁለቱም በኩል ካበጠ፣ የአንጓ ብግነት ሊሆን ስለሚችል መድኃኒቱ ከውስጥ ደዌ ሐኪም ነው። ትከሻው ቀልቶ፣ ግሎ፣ ትኩሳት ካለው ግን ወይም የግራ ትከሻ ሕመም ከደረት መጨናነቅና ከላብ ጋር ከመጣ በዚያው ሰዓት ሆስፒታል ሂዱ።

ስሙንና ስልኩን በይፋ እንዳላወጣ ለምኖኛል። የምትፈልጉት በውስጥ መስመር ጻፉልኝ፤ አድራሻውን እሰጣችኋለሁ። ስትሄዱ የራጅ ፊልም ካላችሁ ያዙ፤ የምትውጧቸውንም መድኃኒቶች ከነማሸጊያቸው ውሰዱ፤ መጀመሪያ የሚጠይቃችሁ እነሱን ነው።