ከዚራ ያለው የስም ፍሬም ቤት፦ ቀለሙ ጥሩ፣ ትርጉሙ ይጣራ

ድሬዳዋ፣ ከዚራ ሰፈር ውስጥ ስምን ከነትርጉሙ አትሞ በፍሬም የሚሸጥ ትንሽ ማተሚያ ቤት አለ። ታፔላ የለውም። የሰው ስም ጽፎ የሚያድር ቤት የራሱን ስም ሳይጽፍ መቅረቱ ሁሌም ያስቀኛል። ለክርስትና፣ ለአቂቃ ወይም ለልደት "ምን ይዤ ልሂድ?" ለምትሉ ነው የምጽፈው። እኔ ትምህርት ቤት ሬከርድ ክፍል ነው የምሠራው። ቀኑን ሙሉ የምውለው ከስም ጋር ነው። ስለዚህ ትንሽ ብነዘንዝ አትፍረዱብኝ።

መጀመሪያ ዕቃው። ኤፎር የሚያክለው ከነመስታወቱ 700 ብር ነው። ስሙ መሃል ላይ በትልቁ ይጻፋል። በግዕዝ ፊደል፣ በላቲን ወይም በዐረብኛ፣ ከፈለጋችሁ በሦስቱም። ከሥሩ "ምንጭ" እና "ትርጉም" የሚሉ መስመሮች አሉ። ቀለሙ አይታማም። የኔን የድሬ ፀሐይ በሚመታው ግድግዳ ላይ ሰቅዬው እስካሁን አልደበዘዘም። የጀርባው ካርቶን ግን በሙጫ ብቻ ስለተያዘ ሙቀቱ ያላቅቀዋል። እዚያው በሚስማር አስመቱት።

ችግሩ ትርጉሙ ላይ ነው። አታሚው ልጅ ስሙን ስልኩ ላይ ይፈልግና መጀመሪያ ያገኘውን ያትማል። ሌላ ከተማ ቢሆን ያስኬድ ይሆናል። ድሬ ላይ ግን አይሆንም።

ለጎረቤቴ ልጅ ለአብዲ ያሠራሁት ፍሬም "ምንጭ፦ ዐረብኛ። ትርጉም፦ አገልጋይ" ብሎ መጣ። እናትየዋ ኦሮሞ ናት። አብዲ በኦሮምኛ ተስፋ ማለት ነው። "አቦ! ተስፋ ብዬ የወለድኩትን ልጅ ማነው አገልጋይ ያደረገው?" ብላ ሳቀች። ይዤው ስመለስ አታሚው ልጅ "ስልኩ እንደዚህ ነው የሚለው፣ እትዬ" አለኝ። ስልኩም አልዋሸም። ሶማሌዎች ዘንድ ያለው አብዲ "ዐብድ" ከሚለው የዐረብኛ ቃል የመጣ ነው። ከአላህ ስሞች አንዱን አስከትሎ የእሱ ባሪያ፣ የእሱ አገልጋይ ማለት ነው። በኛ መዝገብ ላይ ሁለቱም አብዲዎች ተከታትለው ይጻፋሉ፤ አንዱ ተስፋ፣ አንዱ አገልጋይ። ስልክ ከመነካቱ በፊት መጠየቅ ያለበት "ስሙን ማን አወጣለት?" ተብሎ ነው። ልጁ አስተካክሎ በነፃ አተመልኝ፤ ይኼንን አልክድም።

ተቃራኒውም አለ። ሮባ የኦሮሞ ስም ነው፣ ሮብሌ የሶማሌ። ሁለቱም ዝናብ ሲዘንብ ለተወለደ ልጅ የሚወጡ ናቸው። ሁለቱ ቋንቋዎች ኩሻዊ ስለሆኑ የዝናብ ቃላቸው አንድ ነው ማለት ይቻላል። ሱቁ ውስጥ ሁለቱም ለናሙና ተሰቅለዋል፤ ግን አንዱ በር ላይ፣ አንዱ ጓዳ። ጎን ለጎን ስቀላቸው ብዬው ነበር።

የአማርኛ ስም ላይ ስልኩ ጭራሽ ዲዳ ነው። ማስረሻ፣ ምትኩ፣ ስንታየሁ ብላችሁ ስታዙ "ልዩ ኢትዮጵያዊ ስም" ብሎ ያልፋችኋል። 700 ብር ከፍሎ ይኼን ማንበብ ያናድዳል። የኛ ስም እኮ ብዙው ሙሉ ንግግር ነው። ስንታየሁ እሮሮ ነው። አንዳርጋቸው ልመና ነው። ጥላሁን አደራ ነው። ምትኩ ከሱ በፊት ለሄደ ሰው ምትክ ነው። ማስረሻም ብዙ ጊዜ ሐዘን ላይ የተወለደ ልጅ ነው። እንደነዚህ ላሉት ግን ዝም ማለቱ ይሻላል ባይ ነኝ። ልጁ የሟች ወንድሙ ማስረሻ መሆኑን በየጠዋቱ ግድግዳ ላይ እያነበበ እንዲያድግ ምን አስፈለገ? ስሙን ብቻ አሳትሙ። ታሪኩን እናቱ በፈለገች ቀን ትንገረው።

ሌላው "የቤተሰብ ስም" የሚለው ቦታ ነው። ዲዛይኑ ከኢንተርኔት የወረደ ስለሆነ አብሮ መጥቷል። ልጁ የአባት ስም ይሞላበታል። የአባቴ ስም የአባቴ ነው እንጂ የቤተሰቡ አይደለም፤ እናቴ እንኳ አትጠራበትም። ይኼ የኛ ብቻ እንዳይመስላችሁ። አብዛኞቹ አይስላንዶችም እስከ ዛሬ በአባታቸው ስም ነው የሚጠሩት፤ ለወንዱ "ሶን"፣ ለሴቷ "ዶቲር" ይጨመርበታል፣ የእገሌ ልጅ ለማለት። ቱርኮች በሙሉ የቤተሰብ ስም እንዲይዙ የተገደዱት እ.ኤ.አ. በ1934 በወጣ ሕግ ነው። አታቱርክ የሚለው ራሱ፣ የቱርኮች አባት ማለት ነው፣ በዚያው ዓመት በምክር ቤታቸው የተሰጠ ነው። ብቻ "የአባት ስም" ብላችሁ አስቀይሩት፤ ልጁ እሺ ይላል።

እሺ ማለቱ ላይ ጎበዝ ነው። "የክርስትና ስም" የሚለውን መስመር የጨመረው ደንበኛ ሰምቶ ነው። ወንዱ በ40፣ ሴቷ በ80 ቀኗ የሚያገኙት ስም ብዙ ቤት ውስጥ ይረሳል፤ እዚህ ተጽፎ ይቀመጣል። በ1884 ከሐረር አቅራቢያ ኤጀርሳ ጎሮ የተወለዱት ተፈሪ መኰንን፣ ኃይለ ሥላሴ የተባሉት በክርስትና ነው። በ1923 ሲነግሡ ግን ዓለም ያወቃቸው በዚህኛው ሆነ። በዚህ ቤት ፍሬም ቢሆን ኖሮ ተፈሪ በትልቁ፣ ኃይለ ሥላሴ ከሥር በትንሹ ነበር የሚጻፈው።

በውጭ ስም ስልኩ ብዙም አይሳሳትም። ፊሊጶስ "ፈረስ ወዳጅ" ይላል፣ ከግሪክ፤ ልክ ነው። ኮፊ የሚል ናሙናም አለው። ጋና ውስጥ አካኖች ልጅን በተወለደበት ቀን ይጠሩታል፤ ኮፊ የዓርብ ልጅ ነው። ኮፊ አናንም ዓርብ ነው የተወለዱት። እኛም ሰንበቱ እንል የለ?

ለመሄድ ካሰባችሁ፣ ከስድስት ሰዓት እስከ አሥር ሰዓት ዝግ ነው። ምክንያቱን የድሬ ሰው ያውቀዋል። ትርጉሙን ስሙን ካወጣው ሰው ጠይቃችሁ በወረቀት ይዛችሁ ሂዱ። ከመታተሙ በፊት በቴሌግራም ይላክላችሁ፣ በተለይ የላቲኑን እዩ። ጫልቱ በቁቤ የሚጀምረው በ"ሲ" ብቻ ነው፤ "ኤች" ከጨመረበት ቻልቱ ይሆናል። ሐሰንን ደግሞ ሶማሌዎች በ"ኤክስ" ነው የሚጀምሩት። ልጁ ስህተት መስሎት ሊያርመው ይነሣል፤ አታስነኩት።