ሸዋ በር ጓሮ ያለው ጠጅ ቤት፦ ግማሽ ብርሌ የሚቀዳበት

ደሴ ውስጥ ጠጅ ቤት ሞልቷል፤ ሳይጨቀጭቅ የሚያስጠጣ ግን ጥቂት ነው። ሸዋ በር አካባቢ ከዋናው መንገድ ገባ ብሎ ያለውን ቤት የምወደው ለዚህ ነው። ኬሚስትሪ አስተማሪ ነኝ፤ የደም ግፊት ኪኒንም እውጣለሁ። አስተያየቴን ይህን አውቃችሁ አንብቡ።

ጠጁ ጥሩ ነው። ጌሾው ምላስ ቆንጠጥ አድርጎ ይለቃል፣ የስኳር ዝልግልግታ የለውም። ደረቅም ለስላሳም አላቸው፤ የኔ ትእዛዝ መካከለኛው ነው። ጥብሱ ተራ ነው፣ ቆሎው ግን ሁሌም ትኩስ።

አንድ ባዶ ብርሌ ለምኜ ወስጄ በላቦራቶሪያችን ሲሊንደር ለክቼዋለሁ፤ እስከ አንገቱ 300 ሚሊ ሊትር ይይዛል። የጠጅ ኃይል እንደ አጣጣሉ ይለያያል፤ 10 በመቶ ነው ብንል አንድ ብርሌ ውስጥ 24 ግራም ገደማ ንጹህ አልኮል አለ። 330 ሚሊ ሊትር የሚይዝ፣ 5 በመቶ የሆነ ቢራ ውስጥ ያለው 13 ግራም ነው። እንግዲህ «አንድ ብቻ ነው የቀመስኩት» የሚል ሰው ሁለት ቢራ ሊሞላ ምንም አልቀረውም። ጉበት ያቺን አንድ ብርሌ ለማጣራት ሦስት ሰዓት ያህል ይፈጅበታል፤ ቡናም ሆነ ቀዝቃዛ ውሃ አያፋጥነውም። የኮምቦልቻን ቁልቁለት የምትወርዱ ሹፌሮች፣ ሰምታችኋል?

ባለቤቷ ግማሽ ብርሌ ሲቀዱ ፊታቸው አይጠቁርም።

«ጋሼ፣ ዛሬም ግማሽ ነው?»

«ግማሽ ነው እትዬ። ከዚያ ብርዝ።»

ብርዙም በብርሌ ነው የሚመጣው፤ ስለዚህ ከጎን ያለው ሰው «ምነው፣ ታመምክ እንዴ?» ብሎ አያደርቅህም። መቼ እንደተበረዘ መጠየቅ ግን አትርሱ፤ ካደረ ራሱ መፍላት ይጀምራልና።

የማልወደው ግድግዳው ላይ የተጻፈውን ነው፤ «በልኩ የተጠጣ ጠጅ ለልብ መድኃኒት» ይላል። ይህ ወሬ ከየትም አልመጣም፤ ጥቂት የሚጠጡት ከማይጠጡት ይልቅ ጤነኛ ናቸው ያሉ ጥናቶች ነበሩ። ችግሩ «የማይጠጡ» ተብለው ከተቆጠሩት መካከል ታመው መጠጥ ያቆሙ ሰዎች መኖራቸው ነው። ከእነሱ ጋር ሲወዳደር ማን ጤነኛ አይመስልም! አልኮል የካንሰር አምጪ ነገሮች መዝገብ ውስጥ የገባው በ1988 እ.ኤ.አ. ነው፤ የዓለም ጤና ድርጅትም በ2023 እ.ኤ.አ. ለጤና ምንም ጉዳት የለውም የሚባል መጠን የለም ብሏል። የጡት ካንሰር ስጋት በትንሹም ይጨምራል። «ማር እኮ ነው» ለሚሉኝም፣ የማሩን ስኳር እርሾው በልቶ አልኮል አድርጎታል።

«የጦሳን ብርድ ይሰብራል» የሚባለውም እንዲሁ ነው። የቆዳ ደም ሥር ስለሚሰፋ ፊት ይሞቃል እንጂ ሰውነት ሙቀቱን እያጣ ነው፤ ስትወጡ ጋቢያችሁን አትርሱ።

እኔ ግማሼን የምጠጣው ስለሚጣፍጠኝ ነው፤ ለልቤ ሐኪሜ የሰጠኝ ኪኒን አለ። ጽሑፉ ይጥፋ ብያቸው እትዬ ስቀው ዝም አሉ።

ሽንት ቤቱ ከግቢው ጥግ ነው፣ መብራት የለውም፤ ሲመሽ የስልክ መብራት ያዙ። ሰኞ በገበያው ምክንያት መቀመጫ አይገኝም፤ ቅዳሜ ከሰዓት ይሻላል። ከአምስት አራት ሰጥቻለሁ፤ አንዱን የወሰደው ግድግዳው ነው።