ዲኤክስ ወይስ ኮሮላ 90? በድሬና በሐረር መካከል ለሚመላለስ ሰው

የአክስቴ ልጅ ሐረማያ ዩኒቨርሲቲ ሥራ አገኘ። ቤቱ ድሬ፣ ሳቢያን ነው። ሚስቱ የምትሠራው እዚሁ ነው፤ ልጆቹም ትምህርት ጀምረዋል። ጠቅልሎ ወደ ላይ መውጣት ስላልፈለገ መኪና ሊገዛ ተነሣ። ደላላው ሁለት አሳየው። አንዷ ዲኤክስ የምንላት የድሮ ቶዮታ ኮሮላ ናት። ሌላዋ ከዲኤክስ በኋላ የመጣችው፣ ማዕዘኗ ለስለስ ያለው ኮሮላ ናት። «የትኛዋን ልያዝ?» ብሎ ደወለልኝ።

በስልክ የሚያልቅ ነገር አልሆነም። ሁለቱንም ይዤ ኖሬያለሁ፤ ዲኤክስን 9 ዓመት፣ ሌላዋን 6 ዓመት። ይሄን ጥያቄ የሚጠይቀኝ ደግሞ እሱ ብቻ አይደለም። በ2012 ዓ.ም. የወጣው የኤክሳይስ ታክስ አዋጅ አሮጌ መኪና ከውጭ ማስገባትን በጣም አስወደደው። በ2016 ደግሞ የነዳጅ አውቶሞቢል ወደ አገር እንዳይገባ ተከለከለ። ስለዚህ አቅሙ ውስን የሆነ ሰው የሚገዛው አገር ውስጥ ያሉትን፣ ከእጅ ወደ እጅ የሚዞሩትን ነው። ከእነሱ መካከል ደግሞ እነዚህ ሁለቱ ሁሌም ጎን ለጎን ይቀርባሉ።

ሁለቱን ለመለየት

ዲኤክስ የምንላት አራተኛዋ የኮሮላ ትውልድ ናት። ጃፓን ውስጥ የወጣችው በ1979 እ.ኤ.አ. ነው። ስሟ «ዴሉክስ» ከሚለው ያጠረ ነው። ቶዮታ ለመኪናው ደረጃ የሰጠው ስም ነበር፤ እኛ ጋ ግን የመኪናዋ ዋና መጠሪያ ሆኖ ቀረ። መብራቷም፣ ኮፈኗም፣ ኋላዋም አራት ማዕዘን ነው። ሞተሯ ፊት ነው፤ የሚገፋት ግን የኋላ ጎማ ነው።

ሁለተኛዋ ስድስተኛዋ ትውልድ ናት፤ በ1987 እ.ኤ.አ. ወጣች። ለዚህ ጽሑፍ እንዲመቸን ኮሮላ 90 እንበላት። የሚጎትታት የፊት ጎማ ነው። በመካከላቸው አንድ ትውልድ አለ፤ የኮሮላ ሴዳን ወደ ፊት ጎማ የዞረው ያኔ ነው። ስለ 90ዋ የምለው አብዛኛው ነገር ለእሷም ይሠራል።

ሞተር

እዚህ አገር አብዛኛው ዲኤክስ የተሸከመው 4ኬ የሚባለውን ሞተር ነው፤ 1290 ሲሲ። የ90ዋ 2ኢ ይባላል፤ 1295 ሲሲ። ልዩነቱ 5 ሲሲ ብቻ ነው፤ አሠራራቸው ግን በጣም ይለያያል።

4ኬ 8 ቫልቭ ነው። ካምሻፍቱ (ቫልቮቹን የሚከፍተው ዘንግ) ዝቅ ብሎ ብሎኩ ውስጥ ተቀምጧል፤ ቫልቮቹን የሚገፋው በረጃጅም ዘንጎች ነው። ካምሻፍቱን የሚያዞረው ሰንሰለት ነው። ሰንሰለቱ ሲያረጅ ይንሿሿል፤ ወራት ቀድሞ ይነግራችኋል። በምድር ባቡር ጋራዥ ሙያ የተማሩ አንድ ጋሼ አሉን፤ ረጅም ካቻቢቴ ሞተሩ ላይ ተክለው እጀታውን ጆሯቸው ላይ ያደርጋሉ። ዓይናቸውን ጨፍነው ትንሽ ይቆያሉ። ከዚያ «አቦ፣ ሰንሰለቷ ነው፤ ሌላ ነገሯን አትንካ» ይላሉ። ቴስታታ (የሞተሩ የላይኛው ክፍል) ሳይወርድ፣ ማሽን ሳይሰካ ችግሩ ታወቀ ማለት ነው። ዲኤክስን የሚያስወድደኝ ይሄ ነው። ድሬ ውስጥ እሷን ፈታትቶ የማያውቅ መካኒክ አላጋጠመኝም።

2ኢ 12 ቫልቭ አለው፤ ለእያንዳንዱ ሲሊንደር 3። ካምሻፍቱ ቴስታታው ላይ ነው፤ የሚያዞረውም የጎማ ቺንጋ ነው። ይተነፍሳል፣ ፈጠን ይላል፣ ድምፁም ረጋ ያለ ነው። ቺንጋው ግን እንደ ሰንሰለቱ አይናገርም። ሲበጠስ መኪናዋ ባለችበት ትቆማለች። በየ100 ሺህ ኪሎሜትር ገደማ መቀየር አለበት። ስንት ኪሎሜትር እንደሄደ የሚያሳይ ደረሰኝ ያለው ሻጭ ስላላየሁ፣ 90 ከገዛችሁ በመጀመሪያው ሳምንት ቀይሩት። «ባለፈው ዓመት ተቀይሯል» የሚለውን ቃል አትመኑ።

ደንገጎ

ከድሬ ሐረር ያለው ርቀት 50 ኪሎሜትር ገደማ ነው። በቁጥር ሲታይ አጭር ነው። ድሬ ግን ከባሕር ወለል በላይ 1,200 ሜትር አካባቢ ናት፤ መንገዱ የሚወጣው ተራራ፣ ደንገጎ፣ አናት ላይ ስትደርሱ 2,000 ሜትር ገደማ ትሆናላችሁ። ከቆላ ሙቀት ተነሥታችሁ፣ በጠመዝማዛ አቀበት፣ ብዙ ጊዜ ከጫነ ተሳቢ ኋላ ተሰልፋችሁ ነው የምትወጡት። ከተማ ውስጥ ምንም የማይታይባት መኪና ጉዷ የሚወጣው እዚህ ነው። በእኔ እምነት ምርጫችሁን መወሰን ያለበት ይሄ አቀበት ነው።

ዲኤክስ ደንገጎን ትወጣለች፤ ግን ቀስ ብላ። አዲስ ሆና ጉልበቷ ከ60 የፈረስ ጉልበት ብዙም አይርቅም ነበር። ከፍ ባላችሁ ቁጥር አየሩ ይሳሳል፤ በየ1,000 ሜትሩ ከጉልበቷ 10 በመቶ ያህል ይቀንሳል። ብዙዎቹ ደግሞ 4 ማርሽ ናቸው። ሰው ከሞላ በሁለተኛ ማርሽ ነው የምትወጡት። ይሁንና ራዲያተሯን የሚያቀዘቅዘውን ቬንትሌተር የሚያዞረው ሞተሩ ራሱ በቺንጋ ነው። ሞተሩ እስከዞረ ድረስ እሱም ይዞራል። ፊውዝ የለ፣ ሴንሰር የለ። የሙቀት መርፌዋ ከፍ ይላል፤ ራዲያተሯ ንጹሕ ከሆነ ግን እዚያው ይቆማል።

90ዋ ይሄን አቀበት በደስታ ነው የምትወጣው። በሦስተኛ ማርሽ የምታልፏቸው ቦታዎች አሉ። ቬንትሌተሯ ግን በኤሌክትሪክ ነው የሚሠራው። የሙቀት ስዊቹ፣ ሪሌው፣ ፊውዙ፣ ባትሪው ሁሉም ደህና መሆን አለባቸው። አንዱ ከጎደለ ሌላው አያድናችሁም።

ይሄን የተማርኩት በአንድ ሚያዝያ ከቀኑ 8 ሰዓት ላይ ነው። ባለቤቴና ሁለት ልጆቼ አብረውኝ ነበሩ። ከተሳቢ ኋላ ቀስ እያልን እንወጣለን። መርፌው ተነሣ። አንድ ጋራዥ ከወር በፊት የሙቀት ስዊቹን ቆርጦ ቬንትሌተሩን በቀጥታ ሽቦ አገናኝቶት ነበር፤ «ሁሌ ይዙር፣ ይሻልሃል» ብለውኛል። ቀጭን ሽቦ ነው የተጠቀሙት። ሽቦው ቀልጦ ቬንትሌተሩ ቆሟል፤ እኔ አላወቅኩም። ጥግ ይዤ ኮፈኑን ስከፍት የቀለጠ ላስቲክ ሽታ ነው የተቀበለኝ። ውሃው ከመጠባበቂያው ጆግ እየተንፎለፎለ ይወጣል። የራዲያተሩን ክዳን አልነካሁትም፤ እናንተም በሞቀ ሞተር ላይ በፍጹም እንዳትነኩት። ድንጋይ ላይ ተቀምጠን ከአርባ ደቂቃ በላይ ጠበቅን። መኪናዋ ቤት ደረሰች። ከሁለት ሳምንት በኋላ ግን ዘይቷ እንደ ሻይ በወተት ነጣ፤ በቴስታታውና በብሎኩ መካከል ያለው ማሸጊያ፣ ጓርኒሲዮኑ፣ ሄዷል። ቴስታታው አሉሚኒየም ስለሆነ በሙቀት ተጣሞ ነበር፤ ፊቱ ተልጦ መስተካከል ነበረበት። የዲኤክስም ቴስታታ አሉሚኒየም ነው፤ እሷም ካፈላች ያው ነው።

ሌላ አንድ ነገር አለ። ብዙ ጋራዥ «ድሬ ሙቀት ነው» ብሎ ቴርሞስታቱን ነቅሎ ይጥለዋል። ለድሬ የሚሻል ይመስላል። ጠዋት ሐረር ላይ ስትነሡ ግን ሞተሩ መሞቅ ያቅተዋል፤ ቤንዚን ይበላል፣ ቶሎም ያረጃል። በሁለቱም መኪና ላይ ቴርሞስታቱ መኖሩን ጠይቁ፤ ከሌለ አስገቡ። ዋጋው ትንሽ ነው። የራዲያተሩ ክዳንም እንዲሁ ርካሽ ነው፤ ውሃው ቶሎ እንዳይፈላ ግፊት የሚይዘው እሱ ነው። ላስቲኩ የደረቀ ክዳን ይዛችሁ ደንገጎ አትውጡ።

ሲወርዱ ሁለቱም አንድ ናቸው፤ ፍሬናቸው ፊት ዲስክ፣ ኋላ ከበሮ ነው። በወጣችሁበት ማርሽ ውረዱ። የፍሬን ዘይቱ ጠቁሮ ካያችሁ አስቀይሩት። ከአወዳይ ጫት ጭኖ የሚወርደውን መኪና ደግሞ ጥግ ይዛችሁ አሳልፉት።

አሸዋና ጉድጓድ

የደቻቱ አሸዋ የማይደርስበት ሰፈር ድሬ ውስጥ ጥቂት ነው። ይሄ በተለይ 90ዋን ይመለከታል። የፊት ጎማዋን የሚያዞሩት ሲቪ ጆይንቶች የጎማ ሽፋን አላቸው። ሽፋኑ ሲቀደድ ግራሱ ይወጣል፣ አሸዋ ይገባል። መሪውን ጥግ ድረስ አዙራችሁ ስትነሡ «ቀጭ ቀጭ ቀጭ» ካለ አልቋል ማለት ነው። ከመግዛታችሁ በፊት በሁለቱም በኩል አዙራችሁ ሞክሩ። ከዚያ ጎንበስ ብላችሁ ሽፋኖቹን በእጃችሁ ዳብሱ።

ዲኤክስ ይሄ ጣጣ የለባትም። የእሷ ችግር ከሥር የሚያልፈው ዘንግ ነው፤ ክሮቸራው (የዘንጉ መጋጠሚያ) ሲላላ ማርሽ አስገብታችሁ ስትነሡ «ዷ» ይላል። ክሮቸራ መቀየር ግን የግማሽ ቀን ሥራ ነው፤ ኪስም አይጎዳም። ዕቃ የምትጭኑ ከሆነ ዋገኗን (ኋላዋ ሰፊ የዕቃ ቦታ ያላትን) ፈልጉ፤ ኋላዋ ባሌስትራ (የተደራረበ ብረት) ስለሆነ ሸክም ትችላለች። ሴዳኗ ሞላ (የተጠመዘዘ ስፕሪንግ) ናት፤ ለሰው ትመቻለች።

ለሐረር ሰው አንድ ነገር ልጨምር። ጀጎል ውስጥ የምትገቡ ከሆነ ዲኤክስ ጠበብ ትላለች፤ በጠባብ ቦታ መዞርም ይቀላታል። በእርግጥ ከፈረስ መጋላ አልፎ ወደ ጠባቦቹ መንገዶች በእግር እንጂ በመኪና የሚገባ የለም። ፔጆ 404 ታክሲዎችን ለአሥርተ ዓመታት ያኖረች ከተማ ናት ሐረር፤ አሮጌ መኪና የሚጠግን እጅ አይጠፋባትም።

ቤንዚን

ሁለቱም ካርቡሬተር ናቸው። ድሬ ላይ የተስተካከለ ካርቡሬተር ሐረር ሲደርስ አየር ያንሰዋል፤ ቤንዚን ይበዛበታል። ጭሱ ይጠቁራል፣ ካንዴላው ጥላሸት ይይዛል። ብዙ የምትውሉበትን ከተማ መርጣችሁ እዚያ አስተካክሉት። እኔ እጅ ላይ ዲኤክስ ከተማ ውስጥ በሊትር 10 ኪሎሜትር ገደማ ትሄድ ነበር፤ 90ዋ 12 ወይም 13። ነዳጅ ማደያ ሰልፍ ላይ ግማሽ ቀን ለሚቆም ሰው ይሄ ልዩነት ብዙ ነው። የ90ዋ ካርቡሬተር ግን ቱቦው ብዙ ነው፤ አንዴ የማያውቅ ሰው ከነካካው ለመመለስ ያስቸግራል። «ንክኪ የለውም» የሚባለው ቃል ለዚህ መኪና ትልቅ ትርጉም አለው።

ላሜራና ወረቀት

የድሬ አየር ደረቅ ስለሆነ ላሜራ እዚህ አይበላም። ፀሐዩ ዳሽቦርድ ይሰነጥቃል፣ የመስኮት ላስቲክ ያደርቃል፤ እንደ ከዚራ ዛፍ ጥላ ያለ ቦታ ማቆም ነው መፍትሔው። ጅቡቲ የኖረች መኪና ግን ሌላ ናት። የባሕር አየር ከውስጥ ይበላታል። ምንጣፉን አንሡ፣ ከኋላ ጎማ በላይ ያለውን ላሜራ በጣት አንኳኩ። ድምፁ ደፈን ካለ ዝገቱ የተሸፈነበት ስቱኮ ነው።

ዲኤክስ ላይ በጣም የምጠነቀቀው የሞተር ቁጥር ነው። 4ኬ ሲደክም 5ኬ የሚባለው ትልቁ ወንድሙ ያለ ብዙ ችግር ስለሚገባ ሞተር የተቀየረባቸው ብዙ ናቸው። ለመንዳት ጥሩ ነው። ቁጥሩ ሊብሬው ላይ ካለው ጋር ካልገጠመ ግን ለቦሎም፣ ስም ለማዛወርም ትቸገራላችሁ። የሻንሲውንም ቁጥር በዓይናችሁ እዩ። በውክልና ብቻ የዞረች መኪና ከሆነች ሊብሬው ላይ ስሙ ያለው ሰው በአካል ይምጣ።

የእኔ ምርጫ

ውሎአችሁ ድሬ ውስጥ ከሆነ፣ ከሳቢያን ከዚራ፣ ከከዚራ ቀፊራ የምትሉ ከሆነ፣ ሐረርም ለበዓል ብቻ የምትወጡ ከሆነ ዲኤክስን ውሰዱ። ሱቅ ላለው ሰው ዋገኗ ትሻላለች። በሳምንት ሦስት አራት ጊዜ ደንገጎን የምትወጡ ከሆነ ግን 90ዋ ትሻላለች፤ ጉልበቷ፣ ብዙ ጊዜ የማይጠፋው አምስተኛ ማርሿ፣ የቤንዚን ቁጠባዋ እዚያ መንገድ ላይ ይታያል። ወንበሯም ወገብ አይጎዳም። ዲኤክስን በጣም እወዳታለሁ፤ ለአክስቴ ልጅ የመረጥኩለት ግን 90ዋን ነው። ከያዘው ገንዘብ ሩቡን እንዲያስቀር ነግሬዋለሁ፤ ለቺንጋ፣ ለቬንትሌተር መስመር፣ ለራዲያተር ማጠቢያ፣ ለሲቪ ጆይንት ሽፋን። እነዚህን ሳይሠራ ሥራ እንዳይጀምርባት።

ቅዳሜ ጠዋት 1 ሰዓት ላይ ደላላው ጋ እንሄዳለን። መኪናዋን ይዘን ደንገጎ ድረስ ልንወጣ ተስማምቷል። ሻጭ ገዢ ከመድረሱ በፊት ሞተር አሙቆ ይጠብቃል፤ ጠዋት የማትነሣ መኪና የምትሸጠው እንደዚያ ነው። ስለዚህ ኮፈኑን ከፍቼ ብሎኩን በመዳፌ ሳልነካ ማንም ቁልፍ እንዳያዞር ብያለሁ። ሞቆ ካገኘሁት እሑድ እንመለሳለን።