ካማኩራና ኤኖሺማ በአንድ ቀን፦ ለአኒሜው ብላችሁ አትክፈሉ

ቶክዮ ሄዳችሁ አንድ ነፃ ቀን ከተረፋችሁ «ተፈጥሮ፣ መቅደስና አኒሜ በአንድ ቀን» የሚል የጉብኝት ማስታወቂያ ሳያጋጥማችሁ አይቀርም። እኛም የወሰድነው እሱን ነው። የድርጅቱን ስም አልጠቅስም። ተመሳሳይ ፕሮግራም የሚሸጡት ብዙ ናቸው፣ መንገዳቸውም ከሞላ ጎደል አንድ ነው። ጠዋት ከሺንጁኩ በአውቶብስ ወደ ካማኩራ፣ ከዚያ ትልቁ የቡድሃ ሐውልት፣ ከዚያ ስላም ዳንክ በሚባለው አኒሜ (የጃፓን ካርቱን) የታወቀው የባቡር ማቋረጫ፣ መጨረሻ ላይ ኤኖሺማ ደሴት፣ ማታ መመለስ። ከአምስት ኮከብ ሦስት ተኩል ሰጥቻለሁ። ሦስቱ የአስጎብኚዋ ነው፣ ግማሹ የባቡሩ።

አብሮኝ የነበረው የአክስቴ ልጅ ነው። አኒሜ ሳያይ እንቅልፍ አይወስደውም። እኔ ደግሞ ስለ አኒሜ የማውቀው እሱ ሳሎን ውስጥ ሲያይ በጎን ያየሁትን ነው፣ የድሮ ነገርና ታሪክ ካለ ግን ቀኑን ሙሉ ብቆም አይሰለቸኝም። ማስታወቂያው ለሁለታችንም የተሠራ ይመስል ነበር።

ካማኩራ ከቶክዮ በስተደቡብ ናት፣ በባቡር አንድ ሰዓት ገደማ። ሦስት ጎኗ ተራራ ነው፣ አንዱ ባሕር። ሚናሞቶ ኖ ዮሪቶሞ የሚባለው የጦር አለቃ በ12ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ መቀመጫውን እዚህ ያደረገው አንድም ለዚህ ነው፤ ጠላት ዘው ብሎ የሚገባባት ከተማ አይደለችም። አስጎብኚያችን ይህን ሁሉ ገና አውቶብሱ ውስጥ፣ መዳፏን ካርታ አድርጋ በጣቷ እያሳየች ነው የነገረችን። ስንወርድ ተራራው የት እንዳለ፣ ባሕሩ በየት በኩል እንደሆነ ሁላችንም ገብቶናል። ለዚህ ነው አስጎብኚ የሚከፈለው።

የመጀመሪያው ማቆሚያ ትሱሩጋኦካ ሃቺማንጉ የሚባለው የሺንቶ፣ ማለትም የጃፓን የጥንት እምነት፣ መቅደስ ነው። በ1063 ተመሠረተ፣ ዮሪቶሞ በ1180 አሁን ወዳለበት አዛወረው (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው)። ወደ ላይኛው ሕንፃ የሚያወጡ 61 የድንጋይ ደረጃዎች አሉ። ሌላው ቡድን ደረጃው ላይ ፎቶ ተነስቶ ወጣ። የኛዋ ግን ከደረጃው ግርጌ በግራ በኩል አቁማ አንድ ጉቶ አሳየችን። እዚያ ትልቅ የጊንኮ ዛፍ ነበር። በ1219 ሦስተኛው ሾገን (የጦር ገዢ) ሳኔቶሞ በበረዶ ምሽት ሥርዓቱን ጨርሶ ሲወርድ የገዛ ወንድሙ ልጅ ኩግዮ ገደለው። ገዳዩ ከዛፉ ጀርባ ተደብቆ ነበር ይባላል፣ ይህኛው ግን አፈ ታሪክ ነው። ዛፉ እስከ ማርች 2010 ቆሞ ነበር፤ በዚያ ወር አንድ ሌሊት ነፋስ ጣለው። ከሥሩ አዲስ ቅርንጫፍ አቆጥቁጧል። ያለ እሷ ብንሄድ ጉቶውን አይተን እናልፈው ነበር።

ብዙ ሰው የሚጠይቀኝን እዚሁ ልመልስ፦ መቅደስ ውስጥ መስገድ ግዴታ ነው ወይ? አይደለም። ሥርዓታቸው ሁለቴ ጎንበስ፣ ሁለቴ ማጨብጨብ፣ አንዴ ጎንበስ ነው። የማይፈልግ ዳር ቆሞ ማየት ይችላል፣ ማንም ዞር ብሎ አያየውም። በር ላይ ባለው የእንጨት ጭልፋ እጅ መታጠብም በፈቃድ ነው። በቡድሃ ቤተ መቅደስ ደግሞ አይጨበጨብም። ይህን ልዩነት ካላወቃችሁ ቡድሃው ፊት አጨብጭባችሁ ሰው ታስቃላችሁ፤ ከቡድናችን አንዱ ፈረንጅ አድርጎታል።

ምሳ። እዚህ ላይ ትንሽ ልማረር። ቀኑ ዓርብ ነበር፣ ስንመዘገብ «ሥጋም ዓሣም የለበትም» የሚለውን ምርጫ መርጠናል። የመጣልን አትክልት ነው፣ ሾርባው ግን የዓሣ ነው። ጃፓን ውስጥ ዳሺ የሚሉት የሾርባ መነሻ አብዛኛውን ጊዜ ከደረቀ ቦኒቶ ዓሣ ይሠራል፣ ሚሶ ሾርባውም፣ የኑድሉ መረቅም፣ አንዳንዴ የተቀቀለው አትክልት ራሱ በሱ የበሰለ ነው። ዓሣ በጾም ይበላል አይበላም የሚለውን ክርክር ለናንተ ትቼዋለሁ። እኛ አንበላም። አስጎብኚዋ ተሯሩጣ ነጭ ሩዝ፣ ቶፉና ኮምጣጤ የነካው አትክልት አስመጣችልን፣ ድርጅቱ ግን ቀድሞ ማወቅ ነበረበት። የምትጾሙ ከሆነ «ዳሺም አይሁን» ብላችሁ በጽሑፍ ላኩ። ወይም ሾጂን ሪዮሪ የሚባለውን የቡድሃ መነኮሳት ምግብ ጠይቁ፣ እንደ ካማኩራ ያለ ቤተ መቅደስ የበዛበት ከተማ ውስጥ ይገኛል፣ ሥጋም ዓሣም አይገባበትም። ለማይጾሙት የአካባቢው ዝነኛ ምግብ ሺራሱ ነው፣ ሩዝ ላይ የሚፈስ ደቃቅ ነጭ ዓሣ። ጥሬውን ከፈለጋችሁ ከጃንዋሪ እስከ ማርች አጋማሽ ማስገሩ ስለሚከለከል አታገኙትም።

ትልቁ ቡድሃ ላይ ብዙ አልቆይም፣ ፎቶውን ሁላችሁም አይታችሁታል። የነሐስ ነው፣ ከነመቀመጫው 13 ሜትር ከፍ ይላል፣ ክብደቱ 121 ቶን ገደማ፣ መሠራት የጀመረው በ1252። ድሮ አዳራሽ ውስጥ ነበር፤ አዳራሹ በነፋስና በውኃ ፈርሶ ከ15ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ወዲህ ሜዳ ላይ ተቀምጧል። ውስጡ ባዶ ስለሆነ በትንሽ ክፍያ ይገባል። ግቡ፣ ከውስጥ ሲታይ ብረቱ በየደረጃው እንዴት እንደተገጣጠመ ይታያል። የተሰጠን ሰዓት ግን ለሰልፉና ለፎቶው እንጂ ለመግቢያው አይበቃም ነበር። እኛ ሽንት ቤቱን ትተን ገባን።

ከዚህ በኋላ አውቶብሱን ትተን ኤኖዴን በሚባለው ባቡር ሄድን። የቀኑ ምርጥ ክፍል ይህ ነው፣ ማስታወቂያው ላይ ግን አንድ መስመር ብቻ ነው የተጻፈለት። ካማኩራንና ፉጂሳዋን የሚያገናኝ የ10 ኪሎ ሜትር መስመር ነው፣ የመጀመሪያው ክፍል በ1902 የተከፈተ። በሰው ጓሮ ነው የሚያልፈው። በመስኮቱ የተሰጣ ልብስ፣ የሽንኩርት ማሰሮ፣ አጥር ላይ የተኛች ድመት ታያላችሁ፤ እጃችሁን ብታወጡ የምትነኩት ይመስላል። ኢናሙራጋሳኪን እንዳለፈ ድንገት በግራ በኩል ባሕሩ ይከፈታል። አየሩ ከጠራ፣ በተለይ በብርዱ ወራት፣ ከዚህ ዳርቻ የፉጂ ተራራ ይታያል። እኛ ዳመና ነው ያየነው። ኮሺጎዬ ከደረሰ በኋላ ደግሞ ባቡሩ ከመኪና ጋር አስፋልት ላይ ይሄዳል። ድሮ በልጅነት ከተሣለ ሥዕል የወጣ ነው የሚመስለው።

አሁን ወደ አኒሜው። ስላም ዳንክን ለማታውቁ፣ የታኬሂኮ ኢኖዌ የቅርጫት ኳስ ማንጋ (በሥዕል የሚተረክ የጃፓን መጽሐፍ) ነው፣ ከ1990 እስከ 1996 የወጣ። የቴሌቪዥን አኒሜው በ1993 ጀመረ። ታሪኩ እዚሁ፣ ካማኩራ ባለችበት በካናጋዋ ክፍለ ሀገር ውስጥ ነው። የአኒሜው መክፈቻ ላይ ባሕሩ ከኋላ፣ ባቡሩ ከፊት የሚታይበት ማቋረጫ ካማኩራ ኮኮ ማዬ ጣቢያ አጠገብ ያለው ነው። በ2022 መጨረሻ አዲስ ፊልም ሲወጣ ቻይናና ኮሪያ ውስጥ ሰው አበደ፣ ሁሉም ወደዚህ ማቋረጫ መጣ።

ያለው ደግሞ ማቋረጫው ብቻ ነው። ሀዲድ፣ የሚወርድና የሚነሳ አጥር፣ ቁልቁለት መንገድ፣ ባሕር። ሰው እንደ ጥምቀት ተኮልኩሏል። ጥበቃዎች ሰሌዳ ይዘው «መንገድ ላይ አትቁሙ» ይላሉ። ባቡሩ በመጣ ቁጥር ስልክ ሁሉ ወደ ላይ ይነሳል። እዚያ ሰፈር የሚኖር ሰው ቤቱ ለመግባት መንገድ ሲለምን አይቻለሁ፣ እኔ ነኝ ያፈርኩት። የተሰጠን 20 ደቂቃ ነው። ባቡሩ በአንድ አቅጣጫ በየ14 ደቂቃ ገደማ ስለሚመጣ አንድ ጥሩ ፎቶ ማግኘት ዕድል ነው፤ የአክስቴ ልጅ ያገኘው የሰው ጃንጥላ ነው። ስለ አኒሜው ማብራሪያም የለም። አስጎብኚዋ ራሷ «እኔ የታሪክ ሰው ነኝ፣ አኒሜ ብዙም አላይም» አለች። በሐቀኝነቷ ወደድኳት። ግን ርዕሱ ላይ አኒሜ ብሎ የጻፈ ድርጅት አኒሜ የሚያውቅ ሰው አንድ እንኳን አይልክም?

ከዚያ ወርደን ባሕሩ ዳር ትንሽ ቆምን። እዚህ ምግብ ይዛችሁ አትቁሙ። ጭልፊት አለ፣ ቀልድ አይደለም፣ ማስጠንቀቂያም ተለጥፏል። ከኛ ፊት አንዲት ሴትዮ ሳንድዊቿን ከነወረቀቱ ተነጠቀች።

ኤኖሺማ ስንደርስ ግን ያ የታሪክ ሰው ነኝ ያለችው ሴት ሳታስበው የቀኑን አኒሜ አመጣችው። ደሴቱ የቤንዛይተን ነው፣ የሙዚቃ፣ የውኃና የሀብት አምላክ ናት ይሏታል። አፈ ታሪኩ እንዲህ ነው፦ በአካባቢው ሕዝቡን የሚያሰቃይ ባለ አምስት ራስ ዘንዶ ነበር። አንድ ቀን ምድር ተናወጠች፣ ደሴቱ ከባሕር ብቅ አለ፣ አምላኳም በደመና ላይ ወረደች። ዘንዶው ወደዳት፣ እንድታገባው ጠየቃት። ክፋትህን ካልተውክ አይሆንም አለችው። ተወ። በመጨረሻም ኮረብታ ሆኖ ደሴቱን እየጠበቀ ተኛ። አስጎብኚዋ ኮረብታውን በጣቷ እያሳየች ነው ይህን የምትተርከው። የአክስቴ ልጅ ስልኩን ኪሱ ከተተና «ይሄ እኮ ራሱ አኒሜ ነው» አለ። እውነቱን ነው። እሱ በስልክ የሚያያቸው ዘንዶዎች፣ ቀይ ቀሚስ የለበሱ የመቅደስ ልጃገረዶች፣ ቀዩ የመግቢያ በር፣ የተለመነ ነገር የሚጻፍባት ትንሽ ጣውላ፣ ሁሉም ከእንደዚህ ያለ ቦታ የተቀዱ ናቸው። ከቶክዮ በስተሰሜን ሳይታማ ውስጥ ያለው የዋሺኖሚያ መቅደስ በ2007 ከወጣ አንድ አኒሜ በኋላ በወጣት ተጥለቅልቆ፣ ጣውላዎቹ ላይ ሰው ጸሎቱን ከአኒሜ ገጸ ባሕርያት ሥዕል ጋር መስቀል ጀምሯል። ድርጅቱ ማቋረጫው ላይ የሚያባክነውን ሰዓት ለዚህ ወሬ ቢሰጠው ማስታወቂያው እውነት ይሆን ነበር።

ደሴቱ ላይ ሦስት መቅደሶች አሉ፣ ሽቅብ ነው። ጉልበት ለሚያማችሁ ከ1959 ጀምሮ የሚሠራ በክፍያ የሚያወጣ ተንቀሳቃሽ ደረጃ አለ፣ የሚያወጣ ብቻ፣ አያወርድም። በሌላው ጫፍ ማዕበል የቦረቦራቸው ዋሻዎች አሉ፤ «ተፈጥሮ» የተባለው በደንብ የሚታየው እዚያ ነው። እኛ አልደረስንም። ሰዓት የለም ተባለ። ከዚያ ግን ለቅርሳ ቅርስ ግዢ 40 ደቂቃ ተሰጠን! ግማሽ ኮከብ ያስቀነሰው ይህ ነው።

አንድ ነገር ሳልረሳ። ከየት መጣችሁ ስትባሉ ኢትዮጵያ በሉ። አስጎብኚዋ ወዲያው «አበበ!» አለችና ወደ ጀልባ ወደቡ ጠቆመች። በ1964ቱ ኦሊምፒክ የመርከብ ቀዘፋ ሳይሆን የሸራ ጀልባ ውድድሩ የተካሄደው እዚህ ነው፣ ወደቡም ለዚያ ተሠራ። አበበ ቢቂላ በዚያው ኦሊምፒክ ቶክዮ ላይ በ2 ሰዓት ከ12 ደቂቃ ከ11 ሰከንድ ሁለተኛውን የማራቶን ወርቅ ወሰደ። ከዚያ በኋላ አውቶብስ ውስጥ የፊት ወንበር ተሰጠን።

ማን ይውሰደው? ጃፓን ለመጀመሪያ ጊዜ የሄደ፣ ባቡር መቀያየር የሚያስፈራው፣ ታሪክ የሚወድ። ለአኒሜ ብቻ የሚሄድ ገንዘቡን ይያዝ። በራሳችሁ ከሄዳችሁ ከቶክዮ ጣቢያ በዮኮሱካ መስመር ካማኩራ ውረዱ፣ መቅደሱን በጠዋት ጨርሱ፣ ከዚያ የኤኖዴንን የቀን ትኬት ገዝታችሁ በፈለጋችሁበት እየወረዳችሁ ሂዱ። ማቋረጫውን ከባቡሩ መስኮት ብታዩት ይበቃል። ቅዳሜና እሑድ አትሂዱ፣ በጁን ወር ደግሞ የሃይድሬንጂያ አበባ ለማየት የሚመጣው ሰው ኤኖዴን ውስጥ መቆሚያ አያስተርፍም። ኤኖሺማ ስትደርሱ ሱቆቹን አልፋችሁ ቀጥታ ወደ ዋሻዎቹ፣ አመሻሽ ላይ ይዘጋሉ።