ልቦለዱ ወይስ ጥናቱ? ከሮበርት ኧርዊን የቱን እናስቀድም

እንግሊዛዊው ሮበርት ኧርዊን የመካከለኛው ዘመን የዐረብ ታሪክ ምሁር ነበሩ። ልቦለድም ጽፈዋል። ለጀማሪ ከሁለቱ የቱ ይሻላል?

«የዐረብ ቅዠት» የተሰኘው ልቦለዳቸው እ.ኤ.አ. በ1983 ወጣ። ቦታው ካይሮ ነው፣ ዘመኑ 1486። ባሊያን የሚባል እንግሊዛዊ ተሳላሚ መስሎ ከተማዋ ይገባል፤ የመጣው ግን ለስለላ ነው። ከዚያ እንቅልፍ ጠላቱ ይሆናል። ነቃሁ ሲል ገና ሕልም ውስጥ ነው። እኔን ያስደነገጠኝ በልቦለዱ ውስጥ «የዐረብ ቅዠት» የሚባለው በሽታ ነው። የተያዘ ሰው በእንቅልፉ ማለቂያ የሌለው ስቃይ ያያል፤ ጠዋት ግን ምንም አያስታውስም። ታዲያ ማን ነው «እኔ ደህና ነኝ» የሚለው? ያን ገጽ ካነበብኩ በኋላ መብራት ማጥፋት ከብዶኝ ነበር።

በ1994 የታተመው ጥናት ደግሞ «አንድ ሺህ አንድ ሌሊት» ለተሰኘው የዐረብኛ ተረቶች ስብስብ መመሪያ ነው። ስለ ተራኪዎቹ፣ ስለ ተርጓሚዎቹ፣ ስለ ሌቦቹና ስለ አስማተኞቹ ያወራል። አላዲንን ለምሳሌ የማያውቅ የለም። በጥንቱ የዐረብኛ ቅጂ ውስጥ ግን የለም! ታሪኩን በ1709 ፓሪስ ላይ ለፈረንሳዊው ተርጓሚ አንትዋን ጋላን በቃሉ የተረከለት ሐና ድያብ የተባለ፣ የሶርያዋ የሐለብ ከተማ ሰው ነው። ይህን ሳውቅ ደስታዬ ወሰን አልነበረውም። የታሪኩ ተራኪ ስሙን አገኘ።

እኔ ጥናቱን አስቀድማለሁ። ልቦለዱ ተረት ውስጥ ተረት እየከተተ ስለሚሄድ፣ መነሻው የሆነውን «አንድ ሺህ አንድ ሌሊት»ን የማያውቅ ሰው መሃል ላይ ግራ ይጋባል። ቅዠት ወዳጅ ከሆናችሁ ግን በቀጥታ ካይሮ ግቡ።