ከሶማሌ ተራ የገዛኋት የብሉቱዝ ስካነር ከአዲሱ ስልኬ ጋር

የቼክ ኢንጅን መብራት በበራ ቁጥር ጋራዥ ሄዶ ለኮምፒውተር ብቻ መክፈል የሰለቸው ሰው ካለ ይሄን ያንብብ። ኢኤልኤም 327 የሚሏትን፣ የመኪናን የብልሽት ኮድ አንብባ በብሉቱዝ ስልክ ላይ የምታሳይ ሰማያዊ ዕቃ ሶማሌ ተራ 1,400 ብር ገዛኋት። ሻጩ ኦሪጅናል ናት ብሎ ማለልኝ፣ ቺፑን የሰራው የካናዳ ካምፓኒ እኮ በፈረንጆቹ 2022 ተዘግቷል፣ ገበያ ላይ ያለችው ኮፒዋ ናት ግን ትሰራለች፣ ዝም አልኩት።

አራት ኪሎ መኪናዬን አቁሜ ከመሪው ስር ያለችው ባለ 16 ፒን ሶኬት ላይ ሰካኋት፣ ቁልፍ ከፈትኩ፣ 1234 ብዬ ፔር አደረኩ፣ እስከዚህ ሰላም። ድሮ የምጠቀምበትን አፕ ጓደኛዬ በብሉቱዝ ላከልኝ፣ አዲሱ ስልኬ አንድሮይድ 14 ነው፣ ጭራሽ አልጭንም አለኝ። ለካ 14 በጣም ለቆየ አንድሮይድ የተሰራ አፕ አያስገባም። እሺ ብዬ ከፕሌይ ስቶር ካር ስካነር የሚባለውን አፕ አወረድኩ፣ እሱ ደግሞ ስካነሯን አያያትም! ግማሽ ሰዓት ስነቅል ስሰካ ዕቃዋን ስረግም ቆየሁ፣ ጥፋቱ ግን የኔ ነበር፣ መጀመሪያ ስከፍተው "ኒርባይ ዲቫይስስ" (በአቅራቢያ ያሉ ዕቃዎች) ብሎ ፍቃድ ሲጠይቀኝ እንደ ልማዴ ሳላነብ ከልክዬዋለሁ፣ ሁለቴ ከከለከላችሁት ደግሞ ድጋሚ አይጠይቅም፣ ሴቲንግ ገብታችሁ በእጃችሁ መፍቀድ ነው። ከአንድሮይድ 12 ጀምሮ እንዲህ ነው፣ ከዛ በፊት ሎኬሽን ነበር የሚጠይቀው። ከዛ አፑ ውስጥም ገብታችሁ ስካነሯን ምረጡ፣ ስልኩ ላይ ፔር መደረጓ ብቻውን አይበቃም።

ከተገናኘ በኋላ ግን ወላሂ ገንዘቧን በአንድ ቀን መለሰች። ኮሮላዬ ስትቆም ትንቀጠቀጥ ነበር፣ አንዱ መካኒክ ሞተር ይውረድ ብሎኛል። ኮዱ ፒ0301 አለ፣ ቁጥር አንድ ሲሊንደር በትክክል አይለኩስም ማለት ነው። የአንደኛውንና የሁለተኛውን ሲሊንደር ኮይል (ለሻማው እሳት የሚሰጠውን) አቀያየርኩ፣ ኮዱን አጥፍቼ ትንሽ ነዳሁ፣ ተመልሶ ሲመጣ ፒ0302 ሆነ፣ ጥፋቱ ኮይሉን ተከትሎ ወደ ሁለተኛው ሲሊንደር ሄደ ማለት ነው፣ ስለዚህ ችግሩ ኮይሉ ነው፣ አንድ ኮይል ተገዛ አለቀ፣ የምን ሞተር ማውረድ! ኮዱን ብቻ አጥፍቶ መብራቱ ጠፋ የሚለው ግን ራሱን ነው የሚሸውደው።

አይፎን ያላችሁ ይቺን እንዳትገዙ፣ እህቴ ሞክራ አልሆነላትም፣ አይፎን በድሮው ብሉቱዝ ከእንደዚህ አይነት ዕቃ ጋር አይግባባም፣ ብሉቱዝ 4.0 ሎው ኢነርጂ የሆነችውን ወይ የዋይፋይዋን ጠይቁ። ለዋይፋይዋ ደግሞ "ሎካል ኔትወርክ" ሲል ፍቀዱ፣ እሱም ከአይኦኤስ 14 ወዲህ የመጣ ነው።

መኪና ስታቆሙ ደሞ ንቀሏት፣ ሶኬቱ ቁልፍ ቢጠፋም ኃይል አለው። እኔ ሰክቼ ረስቼያት ሳምንት ክፍለ ሀገር ሄጄ ስመለስ መኪናዋ የተነሳችው በሰፈር ልጆች ግፊ ነው።